የስኳር ደብተር

የመጀመሪያውን ልጅ አንገትጌውን ጨምድደው ሲይዙት ዘርፌ ሁለት ኪሎ ስኳር ከመደርደሪያው እያወረደች ነበር። ጀርባዋን ሰጥታ ስለነበር አላየችም፤ የሰማችው «ኧረ እኔ ስኳር ልወስድ ነው የመጣሁት!» የሚል ድምፅ ብቻ ነው። ዞር ስትል ከኅብረት ሱቁ በር ግራና ቀኝ ጠመንጃ ያነገቡ ሁለት አብዮት ጥበቃዎች ቆመዋል። ልጁ የሱቁን ካርድ ከፍ አድርጎ ያሳያቸዋል። እነሱ ካርዱን ከምንም አልቆጠሩትም። አንደኛው ክንዱን ጠምዝዞ በጓሮ በኩል፣ የነጭ ጋዝ በርሜሎች ወደሚቀመጡበት ይዞት ሄደ።

«ምንድን ነው ነገሩ? ልጁ ምን አደረገ?» አለች ዘርፌ ከባንኮኒው ጀርባ።

«አንቺ ሥራሽን ሥሪ» አላት የቀረው ጥበቃ። ከኪሱ የተጣጠፈ ወረቀት አውጥቶ በጣቱ እየተከተለ አነበበ። «ቀጥሎ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የሚመጣው የሰባት መቶ ሠላሳ አንድ ቁጥር ቤት ነው አይደል?»

ዘርፌ ወረቀቱን ከሩቅ ለየችው። የእጅ ጽሕፈቱ የሌላ ሰው ነው፤ አሠራሩ ግን የእሷው ነው። ስድስት ዓምድ፣ በማስመሪያ የተሰመረ፣ ከግራ የቤት ቁጥር፣ ከቀኝ ዳር የተረካቢ ስም። ስኳሩን ባንኮኒው ላይ አስቀመጠች።

«ሱቁን እዘጋለሁ» አለች።

«ዝጊና እናይሻለን። ሰዓት አክባሪ ናት ሲሉን ነው የመጣነው» ብሎ ሳቀባት።

እስከ ሦስት ሰዓት ተኩል ሰባት ልጆች ተያዙ። ዘርፌን ያንገበገባት የአያያዛቸው ቅለት ነው። ዱሮ ቢሆን፣ ሁለት መቶ ሰው በተሰለፈበት መካከል አንድ ወንድ ልጅ ላይ እጅ ቢዘረጋ እናቶች ይጮሃሉ፣ ሰልፉ ይበተናል፣ ጎረምሳው ሁሉ በአጥር ይዘላል። አሁን ሰልፍ የለም። እያንዳንዱ በተነገረው ሰዓት፣ ብቻውን፣ እጁን ኪሱ ከትቶ እያፏጨ ይመጣል። አንደኛው ወደ ጓሮ ሲገባ ሁለተኛው ገና ከቤቱ አልወጣም። ማንም የማንንም መያዝ አላየም። ሰልፉን ያጠፋችው ደግሞ ዘርፌ ራሷ ናት።

አምስተኛው ሙሉአለም ነበር፤ የጎረቤቷ የጥሩነሽ አንድ ልጅ። ገና ከመንገዱ ማዶ ብቅ ሲል አየችውና በዓይኗ ልትመልሰው ሞከረች፤ ራሷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች። እሱ ሰላምታ መሰለው፤ እጁን አውለበለበላትና መንገዱን ተሻገረ።

ሰው ስለ ዘርፌ የሚያወራው ደግ ነገር ቢኖር «ጭንቅላቷ አያርፍም» የሚለው ነው። እውነትም አያርፍም። የኩራዝ ክር ከገበያ ሲጠፋ ከአሮጌ ካልሲ ትሠራለች፤ ጆሮው የተነቀለ ባልዲ በጎማ ቁራጭ ታበጃለች። ልጅ ሳለች «ለምን በዚህ በኩል አይሆንም?» እያለች ስታስቸግር እናቷ «አንቺ ልጅ፣ ዝም ብለሽ የታዘዝሽውን አድርጊ» ይሏት ነበር። አልሰማቻቸውም። አሁን አርባ አራት ዓመቷ ነው። ከባሏ ከተለያየች አሥር ዓመት ሆናት፤ ልጅ የላትም፤ ቦሌ ካሉት ቀበሌዎች በአንዱ ኅብረት ሱቅ ሻጭ ሆና ስድስት ዓመት ሠርታለች።

ስኳር ይመጣል የተባለ እንደሆነ ሰው ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ጀምሮ ቦታ ይይዛል። ራሱ መቆም ያልቻለ ድንጋይ ያስቀምጣል፤ የተቀደደ ጫማ ያስቀምጣል፤ ሲነጋ «ይኼ ድንጋይ የኔ ነው»፣ «የለም፣ የኔማ ጠቆር ያለ ነበር» እየተባባለ ይቧቀሳል። አምና በግንቦት አንዲት የስምንት ወር ነፍሰ ጡር በግፊያው ከደረጃው ላይ ወደቀች። ሴትየዋ ተረፈች፤ ፅንሱ አልተረፈም። ዘርፌ ያን ሳምንት እንቅልፍ አልወሰዳትም። በአራተኛው ቀን በገዛ ብሯ ወፍራም ደብተርና ማስመሪያ ገዛች።

ነገሩ ሲያዩት ቀላል ነው። እያንዳንዱ ቤት ቀንና ሰዓት ይሰጠዋል። ስኳሩ ከዋዜማው በየቤተሰቡ ልክ ተመዝኖ፣ የቤት ቁጥር ተጽፎበት ይደረደራል። ሰው መጥቶ፣ ከፍሎ፣ ይዞ ይሄዳል፤ ሁለት ደቂቃ አይፈጅም። ለአንድ ሰው ግማሽ ኪሎ፣ ሁለት ዓመት ላልሞላው ሕፃን ሩብ ኪሎ ስለሆነ ዕድሜ ማወቅ ያስፈልጋል አለች። ዕድሜ ከተጻፈ ስምም ይጻፍ አለች። ስም ከተጻፈ ማን እንደሚረከብም ይታወቅ አለች። ማታ ማታ ደብተሩን ገልጣ ስታየው ደስ ይላት ነበር። በሕይወቷ እንዲህ የሞላ፣ እንዲህ ያማረ ነገር ሠርታ አታውቅም።

ሰውም እውነቱን ነገራት። ቀበሌው ቆጠራ ሲያካሂድ ወንድ ልጅ ያለው ቤት የለም፤ አንዱ «ገጠር ሄዷል» ይባላል፣ ሌላው «ሞቷል» ይባላል። ለዘርፌ ግን ማን ይዋሻል? ጥሩነሽም መጀመሪያ «አንድ ነኝ» ብላት ነበር።

«ጥሩዬ፣ እኔን ነው?» አለቻት ያኔ ዘርፌ።

«እንግዲህ ምን ልበል? ለቀበሌው ወላይታ አጎቱ ዘንድ ነው ብያለሁ።»

«ይኼ የቀበሌ አይደለም፤ የኔ ደብተር ነው። ከዚህ ሱቅ አይወጣም። ግማሽ ኪሎ ስኳር ለምን ይቀርብሻል? ደግሞ አንቺ ጠዋት ሥራ ነሽ፤ እሱ ብቅ ብሎ ይውሰድ። ሰልፍ የለ፣ የሚያየው የለ።»

ጥሩነሽ ሳቀች። «ጻፊዋ እንግዲህ። ሙሉአለም፣ አሥራ ዘጠኝ።»

ከሦስት ሳምንት በፊት የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ ገሰሰ ሱቁ ድረስ መጥቶ፣ ባንኮኒው ላይ ተደግፎ ደብተሩን ገጽ በገጽ አገላበጠ። «ይኼን አንቺ ነሽ ያሰብሽው? ብቻሽን?» አላት። ሌላው ቀበሌና ከፍተኛ ሁሉ ሊማርበት ይገባል፣ ለተሞክሮ የሚገለበጥ ነገር ነው፣ ሁለት ቀን አውሺኝ አለ። ዘርፌ አወሰችው። ፈርታ አይደለም፤ ይህንን ለራሷም መደበቅ አትችልም። ደስ ስላላት ነው። በስድስት ዓመት ውስጥ «አንቺ ነሽ ያሰብሽው?» ብሎ የጠየቃት ሰው አልነበረም።

ጥሩነሽ አራት ሰዓት ላይ ደረሰች። ኤርፖርቱ ግድም ካለ ቪላ ልብስ ታጥባለች፤ ወሬው እዚያው ድረስ ሄዶ አገኛት። ክንዷ ላይ የሳሙና አረፋ ደርቋል። አልጮኸችም። ብትጮህ ለዘርፌ ይሻላት ነበር።

«ወሰዱት አሉኝ።»

«ወሰዱት።»

«ከዚህ? ከሱቁ?»

«ከዚህ።»

«አንቺ እዚህ ቆመሽ?»

ባንኮኒው ላይ የእነጥሩነሽ አንድ ኪሎ ስኳር እንደተቋጠረ ተቀምጧል። የዘርፌ እጅ በልማድ አንስቶ ወደ ጥሩነሽ ገፋ አደረገው፤ ለምን እንዳደረገችው ራሷም አላወቀችም። ጥሩነሽ ስኳሩን ቁልቁል ተመለከተችው።

«ግማሹ የሱ ነው» አለች። «እኔ ነኝ ያስጻፍኩት። ለግማሽ ኪሎ ስኳር ብዬ በገዛ አፌ።»

«የጻፍኩት እኔ ነኝ። አይወጣም ያልኩሽ እኔ ነኝ ጥሩዬ።»

«እሱንማ አውቃለሁ። አባቱ ኦጋዴን ቀርቶብኛል፤ እሱን አሥራ አንድ ዓመት ብቻዬን ነው ያሳደግኩት። ያንቺን ሐዘን ልሰማ አልመጣሁም።» ስኳሩን መልሳ ገፋችው። «አንቺ የማታበጂው ነገር የለም ይላሉ። እስቲ ይኼንንም አብጂው። ልጄን አምጪልኝ።»

ዘርፌ ሱቁን ዘጋች። በዚህ ጊዜ የከለከላት የለም፤ ጥበቃዎቹ ሥራቸውን ጨርሰው ሄደዋል።

የቀበሌው ግቢ በር ላይ አንድ ኡራል የወታደር ጭነት መኪና ፊቱን ወደ መንገዱ አዙሮ ቆሟል። ጥሩነሽን ወደ ውስጥ አላስገቧትም፤ ከበሩ ውጭ ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። ዘርፌ ግን የኅብረት ሱቅ ሠራተኛ ስለሆነች አለፈች። ልጆቹ ግቢው ውስጥ ባለው የእህል መጋዘን ታጉረዋል። በሽቦ መስኮቱ አጠገብ ስታልፍ ጠሯት።

«እትዬ ዘርፌ!»

ሙሉአለም ነው። ሁለት ጣቱን በሽቦው አሾልኮ ይዟል። ይስቃል፤ ከንፈሩ ግን ደርቋል።

«ስኳሩን ለእማዬ ሰጡልኝ?»

«ሰጥቻታለሁ» ብላ ዋሸችው።

«እንዳታለቅስ ይንገሯት። ብታለቅስም ሻይ ጠጥታ ታልቅስ።» ከኋላው ያሉት ልጆች ሳቁ። ዘርፌ ልትስቅለት ሞክራ አልሆነላትም፤ እግሯን ጎትታ ወደ ጽሕፈት ቤቱ ሄደች።

ገሰሰ ከአብዮቱ በፊት የሒሳብ መምህር ነበር። ዛሬም ሲናገር ጠመኔ የያዘ ይመስል ጣቱን ያንቀሳቅሳል። ስታንኳኳ ከወንበሩ ብድግ አለ።

«ግቢ፣ ግቢ ዘርፌ! እኔ ራሴ ላስጠራሽ ነበር።»

«ጋሼ፣ ደብተሩን ለተሞክሮ ነው ያሉኝ።»

«ለተሞክሮ ነው እኮ!» በሩን ዘጋው። ድምፁንም ዝቅ አደረገ። «ለብሔራዊ ውትድርና የተጠየቅኩት አርባ ልጅ ነው፤ እስከ ሐሙስ አርባ። ባለፈው ዙር አሥራ ዘጠኝ ብቻ አስገብቼ ምን እንደተባልኩ ታውቂያለሽ? አሻጥረኛ! ቤት ለቤት ስንሄድ የምናገኘው ሴትና ሽማግሌ ነው። አርባው ካልሞላ የኔው ሁለት ልጆች እንደሚቆጠሩበት ተነግሮኛል። እና ባንቺ ደብተር በአንድ ጠዋት ሰባት! አንድ ጥይት ሳይተኮስ፣ አንዲት እናት ሳትጮህ።»

ከልቡ አድንቆ ነበር የሚናገረው። ዘርፌን የባሰ ያመማት ይሄ ነው።

«ሙሉአለምን ይልቀቁልኝ» አለች። «ለእናቱ አንድ ነው። አባቱም ለዚሁ ነው የሞተው።»

ገሰሰ ተቀመጠ። መሳቢያውን ስቦ አንድ የተተየበ ወረቀት አወጣ፤ ቀድሞ አዘጋጅቶታል። «አሥራ ሰባት ዓመቱ ነው፣ በስህተት ነው የተያዘው ብዬ ልፈርም እችላለሁ። ዛሬውኑ እናቱ ቤት ያድራል። አንቺም ለኔ አንድ ነገር ታደርጊልኛለሽ።»

«ምን?»

«ስምንት ሰዓት ላይ እዚሁ አዳራሽ ስብሰባ አለ። በከፍተኛው ውስጥ ካሉት ቀበሌዎች አሥራ ሁለት የኅብረት ሱቅ ሻጮች ይመጣሉ። አሠራርሽን ታስረጂያቸዋለሽ። እኔ ባለፈው ሳምንት ሞክሬ ነበር፤ እኔ ስናገረው ትእዛዝ ይመስላል። ለትእዛዝ ደግሞ ሰው እውነቱን አይናገርም። አንቺ ስትናገሪው ግን ስኳር ነው።»

«ስድስቱንም ዓምድ?»

«ስድስቱንም። በተለይ ስሙንና ዕድሜውን።»

«ለምን እንደሆነ ይነገራቸዋል?»

«ስለ ሰልፍ ነው የምትነግሪያቸው ዘርፌ። ሰልፍ ጠፍቷል አልጠፋም?»

«ጠፍቷል።»

«በቃ፣ ውሸት የለበትም። አስረድተሽ ስትጨርሺ እፈርማለሁ። ኡራሉ አሥር ሰዓት ላይ ይነሳል።»

ወጥታ ለጥሩነሽ ሁሉንም ነገረቻት። ልትደብቃት አስባ ነበር፤ አንድ ጊዜ «አይወጣም» ብላ ያታለለቻትን ሴት ሁለተኛ ማታለል ግን አቃታት። ጥሩነሽ እስከ መጨረሻው ሰማቻት።

«እና ምን ይጨንቅሻል? ንገሪያቸዋ» አለች።

«አሥራ ሁለት ቀበሌ ነው ጥሩዬ። ከየቀበሌው ሰባት ሰባት እንኳ ቢያዝ...»

«የነሱን እናቶች አላውቃቸውም። አንቺም አታውቂያቸውም።» ጥሩነሽ የዘርፌን እጅ ያዘች፤ እጇ በውኃና በሳሙና ብዛት የሻከረ ነው። «የኔን ልጅ ግን ታውቂዋለሽ። አልወለድሽውም እንጂ ጡት ሲጥል ያስታመምሽው አንቺ ነሽ። ወልደሽ ቢሆን ኖሮ አሁን እዚህ ቆመሽ አትቆጥሪም ነበር።»

አንድ አንቶኖቭ የጦር አውሮፕላን ከኤርፖርቱ ተነስቶ በጣሪያዎቹ ላይ ዝቅ ብሎ አለፈ። ሰሞኑን በቀን አምስት ስድስት ጊዜ ወደ ሰሜን ይበራል፤ ሄዶ የሚመለሰው ባዶውን ነው ይባላል።

ዘርፌ ስምንት ሰዓት እስኪሆን ከአዳራሹ ጥላ ሥር ቆማ አሰበች። ጭንቅላቷ በዚህም ቀን አላረፈም። ደብተሩን በሐሳቧ ዓምድ በዓምድ ታነሳዋለች፣ ትጥለዋለች። ስም ባይኖርስ? የቤት ቁጥር አለ፤ ሰው ካርዱን ይዞ ይመጣል። ዕድሜ ባይኖርስ? «አዋቂ ስንት፣ ሕፃን ስንት» ማለት ይበቃል። ተረካቢስ? ካርዱን የያዘ ይረከባል። የቤት ቁጥር፣ በስምና በዕድሜ ፈንታ የሰው ብዛት፣ መጠን፣ ሰዓት፤ አራት ዓምድ። ሰልፉ በአራቱም ይጠፋል። እንዲያውም ይቀላል።

ያኔ ነው ነገሩ በደንብ የገባት። ስሞቹ መጀመሪያም አያስፈልጉም ነበር። ሰባቱን ልጆች አሳልፎ የሰጣቸው ዓምድ ለስኳሩ ምንም የሚረዳ አልነበረም፤ ደብተሩ እንዲሞላላት፣ እንዲያምርላት ብላ ነው የጻፈችው። በራሷ አፈረች። አፍራም ግን ተስፋ አደረገች፤ አራቱን ዓምድ አሳምራ ብታስረዳ፣ ገሰሰ ልብ ሳይለው ቢፈርምስ? ልጁም ይተርፋል፣ የሌሎቹም ይተርፋሉ። ጥሩነሽ አብጂው ብላታለች፤ ከዚህ የተሻለ አበጃጀት አልታያትም።

አዳራሹ ፊት ለፊት ቀይ ጨርቅ ላይ «የፈጠራ አስተሳሰብን በዕለት ተዕለት ሥራችን እናዳብር!» ተብሎ ተጽፏል። የከፍተኛው ተወካይ ሠርቶ አደሩ ጭንቅላቱን በየዕለት ኑሮው ማሠራት እንዳለበት አርባ ደቂቃ ተናገረ፤ ሻጮቹ አዛጉ። ከዚያ ገሰሰ ተነሳ። «የቀበሌያችን ጓድ ዘርፌ፣ ማንም ሳያዛት፣ በራሷ አስተሳሰብ ሰልፍን ድል የመታች ናት» አለና አስጨበጨበላት።

ዘርፌ ጥቁር ሰሌዳው ላይ አራት መስመር አሰመረች። ገሰሰ ወደ ተወካዩ ጆሮ ጎንበስ ብሎ ያወራል፤ አላየም። እሷም ጀመረች። ስለ ድንጋዩና ስለ ጫማው ሰልፍ ስትነግራቸው ሻጮቹ ሳቁ፤ ሁሉም የራሱ ሱቅ ደጃፍ ታይቶታል። ስኳር ከዋዜማው እንዴት እንደሚመዘን፣ ሰዓቱ እንዴት እንደሚደለደል፣ ቀኑ ያለፈበት ሰው ምን እንደሚደረግለት ነገረቻቸው። ማዛጋቱ ቆመ። እስክሪብቶዎች ይሮጣሉ። አንዲት ሴት «እንዴት እስከ ዛሬ አላሰብነውም!» አለች ጮክ ብላ። ዘርፌ በዚህ ቀን፣ በዚህ ሰዓት፣ ደስ አላት። ደስ ስላላትም ራሷን ጠላች።

ልትጨርስ አንድ ዓረፍተ ነገር ሲቀራት ከኋላ ወንበር አንድ ሰው እጁን አወጣ። ጉዲና ይባላል፤ ከገርጂ በኩል የመጣ ወጣት ሻጭ ነው። ሁሉን ነገር ሲጽፍ ቆይቷል። ቅንድቡ ላይ አዲስ ጠባሳ አለ፤ ባለፈው ወር ከሰልፉ በተወረወረ ድንጋይ የቆሰለው ነው።

«እህቴ፣ በጣም ጥሩ ነው፣ እግዜር ይስጥሽ። አንድ ነገር ብቻ አልገባኝም። አራት ሆነው ሳለ ስድስት ነን ቢሉኝስ? በምን አውቃለሁ? ስም አትጽፊም?»

ክፋት የለበትም፤ በደንብ መሥራት ፈልጎ ነው። እሷም በእሱ ዕድሜ ብትሆን ይህንኑ ትጠይቅ ነበር።

ገሰሰ ቀና አለ። ሰሌዳውን አየ። ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ ዓምዶቹን እንደሚቆጥር ገባት።

«ጓድ ዘርፌ» አለ ፈገግ ብሎ፣ «ሁለት ዓምድ ዘልለሻል መሰለኝ። ሰው ነው፣ ይረሳል። ጨምሪላቸው።»

ጠመኔው እጇ ላይ ነው። በአዳራሹ መስኮት የመጋዘኑ ጫፍ ይታያል፤ ልጆቹን አንድ በአንድ እያወጡ በግድግዳው ጥግ ያሰልፏቸዋል። ሙሉአለም ከሁሉም ረዘም ያለ ስለሆነ ወዲያው ለየችው። ሁለት መስመር ብታሰምር ከዚያ ሰልፍ ወጥቶ ወደ እናቱ ይሄዳል። ሁለት መስመር ብቻ ነው። ዘርፌ ያንን ልጅ ትወደው ነበር። የሌሎቹን ፊት አታውቅም፤ ጥሩነሽ እውነቷን ነው። የምታውቀው የእናቶቹን ድምፅ ነው፤ ባንኮኒ ላይ ደገፍ ብለው፣ ጎረቤት ባመኑ ድምፅ፣ «ጻፊዋ እንግዲህ» የሚሉትን።

«አልረሳሁም» አለች።

ወደ ጉዲና ዞረች። «ሰው ቢዋሽ ግማሽ ኪሎ ስኳር ይወስዳል። ይውሰድ። እኔ ስም ጽፌ ነበር፤ ዕድሜም ጽፌ ነበር። ስኳር ለመመዘን ስም አያስፈልግም። አትጻፉ።»

ከውጭ የጥበቃው «ተስተካከል!» የሚል ድምፅ ገባ። ቅድም «እንዴት አላሰብነውም» ያለችው ሴት እስክሪብቶዋን ከደነችና ወደ መስኮቱ አየች። ጉዲናም አየ። መስኮቱን አይቶ ደብተሩን አየ፤ ከዚያ ከገጹ ራስጌ የጻፈውን አንዲት ቃል ቀስ ብሎ ደጋግሞ ሰረዘ።

«ምን ማለቷ ነው?» አለ ተወካዩ።

«ደክሟታል» አለ ገሰሰ። ፈገግታው አልጠፋም። ከደረት ኪሱ የተተየበውን ወረቀት አወጣ፤ ዘርፌ እያየችው ለሁለት አጠፈው፤ ለአራት አጠፈው፤ መልሶ ኪሱ ከተተው። «ስለዚህ ጉዳይ ነገ ቢሮዬ እንነጋገራለን፣ ጓድ ዘርፌ። የሱቁን ቁልፍ ይዘሽ ነይ።»

ሻጮቹ እያጉረመረሙ ተነሱ። የኡራሉ ሞተር ጉሮሮውን ጠርጎ ጠርጎ ተነሳ። ዘርፌ ጠመኔውን ሰሌዳው ሥር አስቀመጠችና እጇን በቀሚሷ ጠረገች።

ከሰሌዳው አጠገብ የጓሮ በር አለ። በዚያ ቢወጡ በጠባቧ መተላለፊያ በኩል ቀጥታ እሷ ቤት ደጃፍ ያደርሳል፤ ማንም አያይም፣ ማንም አይጠይቅም። ጥሩነሽ መኪናው ሲሄድ ሁሉን ነገር ትረዳዋለች፤ የሚነግራት ሰው አያስፈልጋትም። ዘርፌ እጀታውን ያዘች። በሩ አልተቆለፈም።

ለቀቀችውና ዞራ በዋናው በር ወጣች።

ኡራሉ በአቧራ ውስጥ ወደ አስፋልቱ እየታጠፈ ነበር። ጥሩነሽ በአጠገቧ ያለፈውን መኪና ቀና ብላ አላየችውም፤ ዘርፌ ልጇን አስፈትታ ከአዳራሹ ይዛው የምትወጣ መስሏት ዓይኗን ከአዳራሹ በር አልነቀለችም። ዘርፌ ብቅ ስትል ከድንጋዩ ተነሳች፤ ነጠላዋን አስተካከለች፤ ከጎረቤቷ ኋላ የሚመጣ ሰው ካለ ብላ አንገቷን ሰገግ አድርጋ ተመለከተች። ዘርፌ ቀጥ ብላ ወደ እሷ ሄደች።